አፑን ያመጣውን እዩ፦ የጉግል አዲሱ ሕግ እና የኛ የኤፒኬ ልማድ

ኤፒኬ በቴሌግራም ተቀብሎ መጫን ለብዙዎቻችን ፎቶ እንደመቀበል ቀላል ነገር ነው። ፋይሉን ነካ፣ "ፍቀድ"፣ "ጫን"፣ አለቀ። ይህ ልማድ ግን እንደ ድሮው ላይቀጥል ይችላል።

ጉግል እ.ኤ.አ. ኦገስት 25 ቀን 2025 ባወጣው መግለጫ፣ ማንነቱን ያላረጋገጠ ሰው የሠራው አፕ የጉግል ዕውቅና ባላቸው አንድሮይድ ስልኮች ላይ እንዳይጫን አደርጋለሁ ብሏል። ከፕሌይ ስቶር ውጭ የሚመጣውም አፕ በዚህ ሕግ ውስጥ ይገባል። መጀመሪያ የሚጀመርባቸው አገሮች ብራዚል፣ ኢንዶኔዥያ፣ ሲንጋፖር እና ታይላንድ ናቸው፤ የተያዘላቸውም ጊዜ ሴፕቴምበር 2026 ነው። ሌላው ዓለም፣ እኛንም ጨምሮ፣ ከ2027 ጀምሮ ቀስ በቀስ እንዲገባ ታቅዷል።

ዜናው ሰውን ለሁለት ከፍሏል። አንዱ ወገን "ሌባን የሚያስቆም ነው" ይላል። ሌላው "ጉግል በገዛ ስልካችን ላይ ዘበኛ ሊሆን ነው" ይላል። ሁለቱም የያዙት እውነት አለ፣ ኋላ እንመለስበታለን። ከዚያ በፊት ግን ሁላችንንም የሚመለከት ጥያቄ አለ፦ አሁን ስልካችን ላይ ያሉት አፖች በማን እጅ አልፈው ነው የመጡት?

ነገሩ እንዲህ ነው። አንድ አፕ ከፕሌይ ስቶር ውጭ ስለመጣ ብቻ መጥፎ አይሆንም። ቴሌግራምም ዋትሳፕም በራሳቸው ድረ ገጽ ላይ ኤፒኬ ያስቀምጣሉ። ችግር የሚመጣው በሠሪውና በእናንተ መካከል የማታውቁት ሰው ሲቆም ነው።

ለምን ከሌላ ቦታ እናወርዳለን?

መልሱ "ስለማናውቅ" ብቻ ቢሆን ኖሮ ቀላል ነበር። ዳታ ውድ ነው። ጓደኛ ስልክ ላይ ያለውን አፕ በዜንደር መቀበል ምንም ብር አያስወጣም። አንዳንዱ ስልክ አሮጌ ስለሆነ ፕሌይ ስቶር "ለዚህ ስልክ አይሆንም" ይለዋል። ከ2019 ወዲህ የወጡ ብዙ የሁዋዌ ስልኮች ደግሞ ፕሌይ ስቶር ጭራሽ የላቸውም። ክፍያ የሚጠይቅ አፕ ልግዛ ብትሉ በብር የሚሠራ ካርዳችሁ አያስገዛችሁም። ስለዚህ የካፕከት ፕሮ "የተከፈተ" ኮፒ፣ የተሰበረ ፎቶሾፕ፣ ሰማያዊ ምልክት የሚደብቅ ዋትሳፕ ፍለጋ ይጀመራል።

ሞባይል ጥገና ቤትም አለ። ስልክ ተገዝቶ "አፕ ጫንልኝ" ሲባል፣ ልጁ ከኮምፒውተሩ ላይ ያጠራቀመውን በአንድ ጊዜ ይጭናል። ልጁ ክፉ ሰው ላይሆን ይችላል። እሱም ግን ፋይሎቹን ያገኘው ከሌላ ሰው ነው፣ ያም ሰው ከሌላ።

እነዚህ ሁሉ እውነተኛ ምክንያቶች ናቸው። ለዚህ ነው "ከማይታወቅ ቦታ አታውርዱ" የሚለው ደረቅ ምክር በአንድ ጆሮ ገብቶ በሌላው የሚወጣው። ምክር የሚሠራው ችግሩን አይቶ ሲመጣ ነው።

ካርቶኑና ማኅተሙ

ኤፒኬ የታሸገ ካርቶን ነው ብላችሁ አስቡት። ውስጡ የአፑ ኮድ፣ ሥዕሎቹና የሚጠይቃቸው ፈቃዶች ዝርዝር አለ። ሠሪው ሲጨርስ በራሱ ዲጂታል ማኅተም ያሽገዋል።

ሌላ ሰው ይህን ካርቶን መክፈት ይችላል። የራሱን ነገር ጨምሮ መልሶ ያሽገዋል። አይከኑ ያው ነው፣ ስሙ ያው ነው፣ ሲከፈትም በትክክል ይሠራል። የተቀየረው ማኅተሙ ብቻ ነው፤ የዋናው ሠሪ ማኅተም በእጁ ስለሌለ የራሱን ይመታበታል።

እዚህ ላይ ብዙ ሰው የማያውቀው ነገር አለ። አንድሮይድ አፕ ሲታደስ አዲሱ ፋይል ቀድሞ ከተጫነው ጋር አንድ ማኅተም እንዳለው ያረጋግጣል። ካልገጠመ አይጭንም። አፑ ለመጀመሪያ ጊዜ ሲጫን ግን ስልኩ የሚያወዳድርበት ነገር የለውም። ማኅተም መኖሩን ያያል እንጂ የማን መሆን እንዳለበት አያውቅም።

ስለዚህ አንድ ቻናል "መጀመሪያ የድሮውን አጥፉት፣ ከዚያ ይህን ጫኑ" ሲላችሁ ብዙውን ጊዜ ምን ማለቱ እንደሆነ እወቁ። ማኅተሙ አልገጠመም፣ ያሸገው ሰው ሌላ ነው ማለቱ ነው።

ይህ በተግባር ምን እንደሚመስል 2016 ላይ ታይቷል። ፖኬሞን ጎ የተባለው ጌም ጁላይ ላይ ሲወጣ መጀመሪያ የተለቀቀው በአውስትራሊያ፣ በኒውዚላንድና በአሜሪካ ነበር። የሌላው አገር ልጅ መጠበቅ አልቻለም፣ ኤፒኬ ፍለጋ ወጣ። ጌሙ በወጣ 72 ሰዓት ሳይሞላ ድሮይድጃክ የተባለ የስለላ ፕሮግራም የተጨመረበት ኮፒ መገኘቱን ፕሩፍፖይንት የተባለው የደህንነት ኩባንያ ይፋ አደረገ። ጌሙ ሲከፈት ከዋናው አይለይም። ነገር ግን መልዕክት የማንበብና ድምፅ የመቅዳት ፈቃድ ይጠይቅ ነበር። ጌም ኤስኤምኤስ ማንበብ ለምን ይፈልጋል? ይህችን አንድ ጥያቄ የጠየቀ ሰው ያመልጥ ነበር።

ጂቢ፣ ኤፍኤም፣ ዮ

እኛ አገር በጣም ከተለመዱት ውስጥ የተቀየሩት ዋትሳፖች ናቸው። ማየታችሁን ይደብቃሉ፣ የሰው ስታተስ ያወርዳሉ፣ ገጽታውን በፈለጋችሁት ቀለም ያደርጋሉ። ዋትሳፕ ራሱ አይቀበላቸውም፤ የሚጠቀሙ አካውንቶችንም ለጊዜው ሲዘጋ ቆይቷል። ከመዘጋት የባሰም አለ።

ኦገስት 2021 ላይ ካስፐርስኪ በኤፍኤም ዋትሳፕ አንድ እትም ውስጥ ትሪያዳ የተባለ ማልዌር አገኘ። ሌሎች ጎጂ ፕሮግራሞችን እያወረደ ያስገባ ነበር፤ ከእነዚህም የማረጋገጫ ኤስኤምኤሱን ራሳቸው አንብበው ባለቤቱ ሳያውቅ ክፍያ ላለው አገልግሎት የሚያስመዘግቡ ነበሩበት። ኦክቶበር 2022 ላይ ደግሞ ተራው የዮ ዋትሳፕ ሆነ። ይህኛው አካውንቱን ለመቆጣጠር የሚያስችሉትን ቁልፎች ወደ ሌላ ቦታ ይልክ ነበር። እንዴት ተሰራጨ? በስናፕቲዩብ ላይ በማስታወቂያ፣ ቪድሜት ውስጥ ባለው የአፕ መደብር ደግሞ "ዋትሳፕ ፕላስ" በሚል ስም። ሁለቱም ቪዲዮ ማውረጃዎች ናቸው፤ አንዱ ከውጭ የመጣ አፕ ለሌላው በር ሆነ ማለት ነው።

ኖቬምበር 2023 ላይ ሦስተኛው መጣ፣ ኬንስስፓይ የተባለ ሰላይ። የተቀየሩ ዋትሳፖች ውስጥ ተቀምጦ በቴሌግራም ቻናሎች ነበር የሚሰራጨው። ከቻናሎቹ ትልቁ ወደ 2 ሚሊዮን የሚጠጋ ተከታይ ነበረው። በብዛት ከተጠቁት አገሮች ሳዑዲ ዓረቢያ፣ የመንና ግብፅ ይገኙበታል። ሳዑዲ ያሉት እህቶቻችንና ወንድሞቻችን ከቤተሰብ ጋር የሚገናኙት በምን እንደሆነ እናውቃለን።

ከዚህ የምንይዘው አንድ ነገር ነው፦ የተከታይ ብዛት ማረጋገጫ አይሆንም። 2 ሚሊዮን ሰው አንድ ላይ ሊሳሳት ይችላል።

ኢንተርኔት ሲዘጋ የሚከፈተው ገበያ

በየካቲት 2015 ዓ.ም. ፌስቡክ፣ ቴሌግራም፣ ቲክቶክና ዩቲዩብ አገር ውስጥ ሲዘጉ ገደቡ አምስት ወር ያህል ቆየ። በዚያ ጊዜ ቪፒኤን የሚለው ቃል ከዚህ በፊት ሰምቶት በማያውቅ ሰው አፍ ሁሉ ገባ። "የሚሠራ ቪፒኤን ላክልኝ" የሰላምታ ያህል ሆኖ ነበር። የተላከው ፋይል ከየት እንደመጣ የጠየቀ ግን ጥቂት ነው። ጭንቀት ባለበት ጊዜ ማጣራት የለም፤ አጭበርባሪም የሚጠብቀው ይህንኑ ሰዓት ነው።

ቪፒኤን ከሌላ አፕ ይለያል። የእናንተ ኢንተርኔት በሙሉ በሱ በኩል ያልፋል። ባለቤቱ ማን እንደሆነ ሳታውቁ ቪፒኤን መጫን፣ የቤታችሁን ቁልፍ አውቶቡስ ላይ ላገኛችሁት ሰው እንደመስጠት ነው።

ሜይ 2024 ላይ የአሜሪካ ፍትሕ ሚኒስቴር "911 ኤስ5" የተባለ መረብ ማፍረሱን አስታወቀ። ማስክ ቪፒኤን፣ ዲው ቪፒኤንና ሻይን ቪፒኤን የመሳሰሉ ነፃ ፕሮግራሞችን ዊንዶውስ ኮምፒውተር ላይ የጫኑ ሰዎች ኢንተርኔታቸው ሳያውቁት ለወንጀለኞች ይከራይ ነበር። መረቡ ወደ 200 በሚጠጉ አገሮች ከ19 ሚሊዮን በላይ የአይፒ አድራሻ ነበረው። አጭበርባሪው የሰው ገንዘብ ሲሰርቅ በመዝገብ ላይ የሚታየው የራሱ ሳይሆን የእነዚህ ሰዎች አድራሻ ነው። ጎጂው ፕሮግራም ከተሰበሩ ሶፍትዌሮች ጋር ታሽጎም ይሰራጭ ነበር።

ኮምፒውተር ላይም ያው ነው

"እኔ ከታወቀ ሳይት ነው የማወርደው" የሚል አለ። ይህም ሁልጊዜ አያድንም።

በ2011 ዳውንሎድ ዶት ኮም፣ በዘመኑ ከትልልቆቹ የማውረጃ ሳይቶች አንዱ፣ ኤንማፕ የተባለውን ነፃ ፕሮግራም ማንም ባልጠየቀው ቱልባር አሽጎ ሲሰጥ ተገኘ። የኤንማፕ ሠሪ በይፋ ተቃወመ። በ2015 ደግሞ ሶርስፎርጅ ጂምፕ የተባለውን የፎቶ ማስተካከያ የዊንዶውስ እትም ከማስታወቂያ ፕሮግራም ጋር አያይዞ ማቅረቡ ትልቅ ቁጣ አስነሳ። ሁለቱም የታወቁ ስሞች ነበሩ። ግን ሠሪዎቹ አልነበሩም፣ መካከል የቆሙ ነበሩ።

ጉግል ላይ ፈልጋችሁ የመጀመሪያውን ሊንክ መንካትም ዋስትና የለውም። የመጀመሪያው ብዙ ጊዜ ማስታወቂያ ነው። ኦክቶበር 2023 ላይ ኪፓስ የተባለውን የይለፍ ቃል ማስቀመጫ የሚፈልጉ ሰዎች ትክክለኛ አድራሻ የሚያሳይ የጉግል ማስታወቂያ ይመጣላቸው ነበር። ሲነኩት የሚደርሱበት ሳይት ስም ግን የመጀመሪያዋ ፊደል ሥር ትንሽ ጭረት ነበረባት። ዝንብ የቆመች የምትመስል ጭረት። በሷ ምክንያት ሳይቱ የሌላ ሰው ሆነ።

ለኛ በጣም ቅርብ የሆነው ታሪክ ግን የቻይናው ነው። 2015 ላይ የአይፎን አፕ የሚሠሩ ቻይናውያን ባለሙያዎች ኤክስኮድ የተባለውን የአፕል መሣሪያ ማውረድ ነበረባቸው። ፋይሉ ትልቅ ነው፣ ከአፕል ሰርቨር ሲወርድ ደግሞ ይንቀረፈፋል። ስለዚህ አገር ውስጥ ባይዱ ላይ የተቀመጠ ፈጣን ኮፒ አወረዱ። ኮፒው ተነካክቷል። በዚያ መሣሪያ የሠሯቸው አፖች በሙሉ ጎጂ ኮድ ይዘው ወጡ፣ የአፕልንም ፍተሻ አልፈው አፕ ስቶር ገቡ። ከተጠቁት ውስጥ ዊቻት ይገኝበት ነበር። እነዚህ ሰዎች ጀማሪ አልነበሩም፣ ሥራቸው ፕሮግራም መጻፍ ነው። የጣላቸው ኔትወርክ መንቀርፈፉና ቅርብ ያለ ኮፒ መገኘቱ ነው። ይህ ለኛ እንግዳ ነገር ነው?

"ቪዲዮውን ለማየት ይህን ጫኑ"

እስካሁን ያየነው ሰፊ መረብ የሚጥሉ ሌቦችን ነው። አንድን ሰው ለይቶ የሚያድንም አለ። ዲሴምበር 2017 ላይ በካናዳ ቶሮንቶ ዩኒቨርሲቲ የሚገኘው ሲትዝን ላብ ያወጣው ሪፖርት፣ በውጭ አገር የሚኖሩ ኢትዮጵያውያን ተቺዎች ላይ ያነጣጠረ የስለላ ዘመቻን ዘርዝሯል። ሪፖርቱ ዘመቻውን ከኢትዮጵያ መንግሥት ጋር አያይዞታል፤ ሶፍትዌሩንም የእስራኤሉ ሳይበርቢት ምርት ነው ብሏል።

ዘዴው ቀላል ነበር። በኢሜይል የቪዲዮ ሊንክ ይመጣል። ሲከፈት ኢስትአፍሮ የተባለውን የኤርትራውያን ቪዲዮ ሳይት የሚመስል ገጽ ይወጣል። ዋናው በዶት ኮም ያበቃል፣ ሐሰተኛው በዶት ኔት። ቪዲዮውን ለማየት "አዶቤ ፍላሽን አድሱ" ይላል። የሚወርደው ፋይል ውስጥ ሰላዩ አለ። ፍላሽ ዛሬ የለም፣ አዶቤ በ2020 መጨረሻ ዘግቶታል። ዘዴው ግን አልሞተም፤ "ክሮምን አድሱ"፣ "ማጫወቻ ጫኑ" እያለ ዛሬም ይዞራል። አንድ ገጽ ቪዲዮ ለማሳየት ፕሮግራም ጫን ካላችሁ ገጹን ዝጉት። በቃ።

ስልክ ባንክ ሲሆን

ከአሥር ዓመት በፊት ስልካችሁ በቫይረስ ቢያዝ የምታጡት ፎቶና ዘፈን ነበር። ዛሬ ቴሌብር አለ፣ ሲቢኢ ብር አለ፣ የየባንኩ አፕ አለ። ደመወዝ በዚያው ይገባል፣ የቤት ኪራይ በዚያው ይወጣል። የማረጋገጫ ኮዱም በኤስኤምኤስ የሚመጣው ወደዚያው ስልክ ነው። ገንዘቡም ቁልፉም አንድ ኪስ ውስጥ ናቸው።

ጎጂ አፕ የሚፈልጋቸው ፈቃዶች በጣት የሚቆጠሩ ናቸው። አንደኛው ኤስኤምኤስ ማንበብ ነው፣ ኮዱን ለመውሰድ። ሁለተኛው ኖቲፊኬሽን ማንበብ ነው፣ ለዚሁ ጉዳይ። ሦስተኛው በሌሎች አፖች ላይ መደረብ ነው፤ የባንክ አፑን ስትከፍቱ ከላዩ ላይ የሚመስለውን ገጽ ደርቦ የምትጽፉትን ፒን ይወስዳል። አራተኛውና የሁሉም ራስ "አክሰሲቢሊቲ" ነው። ይህ የተሠራው ማየት ለሚቸገሩ ሰዎች፣ ስክሪኑን አንብቦ በእነሱ ፋንታ እንዲነካ ነው። ለሌባ ሲሰጥ ሌባው ስክሪኑን አንብቦ በእናንተ ፋንታ ይነካል።

አንድሮይድ 13 ከፋይል የተጫነ አፕ አክሰሲቢሊቲን በቀላሉ እንዳያገኝ ዘግቶበታል። አጭበርባሪዎች ምን አደረጉ? "ሴቲንግ ግቡ፣ ሦስቱን ነጥብ ንኩ፣ የተከለከለውን ፍቀዱ" የሚል መመሪያ አብረው መላክ ጀመሩ። በሩን ራሳችሁ እንድትከፍቱ ያስተምሯችኋል።

ፕሌይ ስቶርስ ንጹሕ ነው ወይ?

አይደለም። ኦገስት 2019 ላይ ከ100 ሚሊዮን ጊዜ በላይ የወረደው ካምስካነር ውስጥ ጎጂ የማስታወቂያ ኮድ ተገኝቶ ጉግል ከሱቁ አውርዶት ነበር። ፌብሩዋሪ 2025 ላይ ስፓርክካት የተባለ ማልዌር በፕሌይ ስቶርም በአፕል አፕ ስቶርም ተገኝቷል። ጋለሪ ውስጥ ያሉትን ፎቶዎች እያነበበ የክሪፕቶ ዋሌት መመለሻ ቃላትን ይፈልግ ነበር። የይለፍ ቃል ስክሪንሾት አድርጎ የሚያስቀምጥ ካለ ይህን ልብ ይበል።

ታዲያ ልዩነቱ ምንድን ነው? ሱቁ ውስጥ ችግር ሲገኝ የሚያወርድ አካል አለ። ጎጂ መሆኑ የተረጋገጠውን ፕሌይ ፕሮቴክት ስልኩ ላይም ሊያጠፋው ይችላል። የአንድ ቻናል ፋይል ጎጂ ሆኖ ሲገኝ ግን ቻናሉ ስሙን ይቀይራል፣ ፋይሉ ወደ ሌላ ሃምሳ ቻናል ይዛወራል፣ የሚጠየቅም የለም።

ጉግል ከኢንተርኔት በሚጫኑ አፖች ላይ የሚገኘው ማልዌር ከፕሌይ ስቶሩ ከ50 እጥፍ በላይ ነው ይላል። ቁጥሩን ስትሰሙ ሁለት ነገር አንድ ላይ ያዙ። የጉግል የራሱ ጥናት ነው፣ ጉግልም የሱቁ ባለቤት ነው። አቅጣጫው ግን ከላይ ካየናቸው ታሪኮች ጋር ይሄዳል።

አዲሱ ሕግ ምን ይፈታል?

ሕጉ የሚጠይቀው ማንነትን ነው፦ ስም፣ አድራሻ፣ ስልክ፣ መታወቂያ። የአፑን ውስጥ አይመረምርም። መታወቂያ ያለው ሰው ሌባ አይሆንም ማለትም አይደለም። ነገር ግን ዛሬ የተያዘ አጭበርባሪ ነገ በሌላ ስም ያንኑ ፋይል ይዞ መምጣቱን ያከብድበታል። ይህ ትንሽ ነገር አይደለም።

ዋጋም አለው። ኤፍ ድሮይድ የተባለው የነፃና ክፍት ሶፍትዌር ማከፋፈያ ሴፕቴምበር 2025 ላይ፣ ሕጉ እንደተባለው ከተተገበረ መቀጠል እንደማይችል ገልጾ ተቃውሟል። ኤፍ ድሮይድ አፖቹን በግልጽ ከሚታይ ኮድ እየሠራ ያለ ማስታወቂያ የሚሰጥ ነው፣ ከቻናል ፋይል ጋር አንድ ላይ የሚቆጠር አይደለም። እኛ አገር አፕ የሚሠሩ ልጆችም ጉዳዩ ይነካቸዋል። በስፋት ለማሰራጨት መመዝገቢያው 25 ዶላር ነው፤ በብር ካርድ ዶላር መክፈል ምን ማለት እንደሆነ የሞከረ ያውቀዋል። ጉግል ለተማሪዎችና ለጀማሪዎች ያለ ክፍያ የሚሆን፣ ግን ጥቂት ስልኮች ላይ ብቻ የሚጫን የተለየ አካውንት እንደሚኖር ተናግሯል።

ተቃውሞው ሲበዛ ኖቬምበር 2025 ላይ ጉግል ትንሽ ለስለስ አለ። አደጋውን አውቄ እቀበላለሁ ለሚሉ ልምድ ያላቸው ተጠቃሚዎች ያልተረጋገጠ አፕ የሚጭኑበት መንገድ እሠራለሁ አለ፤ ሰው ተገፋፍቶ እንዳይገባበት ማስጠንቀቂያዎች ይኖሩታል ተብሏል። ለባለሙያ ጥሩ ነው። ግን በአንድሮይድ 13 የሆነውን አስታውሱ። ያ መንገድ በተከፈተ ማግስት "እንዲህ አድርጋችሁ ክፈቱት" የሚል ቪዲዮ ቴሌግራም ላይ አይወጣም ብሎ ማሰብ የዋህነት ነው። የማታውቁት ሰው ስላላችሁ ብቻ የምትከፍቱት በር ምን ዓይነት መቆለፊያ ቢገባለት አይጠብቃችሁም።

ታዲያ ምን እናድርግ?

👉 ከሠሪው ጀምሩ። የባንክ አፕ ከፈለጋችሁ ፕሌይ ስቶር ላይ ከአፑ ስም ሥር የተጻፈውን የሠሪ ስም አንብቡ፤ ባንኩ ራሱ ወይም ኢትዮ ቴሌኮም መሆኑን እዩ። ኮምፒውተር ላይ የሠሪውን አድራሻ ራሳችሁ ጻፉ፣ "ማስታወቂያ" የሚል ምልክት ያለበትን ሊንክ እለፉት።

👉 የቴሌግራምን ፈቃድ ዝጉ። አንድ ጊዜ "ፍቀድ" ያላችሁት ሳትዘጉት ክፍት ሆኖ ይቆያል። ሴቲንግ ውስጥ ስለ አፖች ከሚለው ክፍል "ያልታወቁ አፖችን መጫን" የሚለውን ፈልጉ። ቴሌግራም፣ ክሮም፣ ዜንደር፣ ሁሉንም አጥፉ።

  

👉 እነዚህን ዓረፍተ ነገሮች ስታዩ ቁሙ፦ "አንቲቫይረስ አጥፉ"፣ "ፕሌይ ፕሮቴክትን ዝጉ"፣ "የድሮውን አጥፉ"፣ "አክሰሲቢሊቲ ፍቀዱ"።

👉 ቪፒኤን የምትጠቀሙ ከሆነ ሳትቸገሩ በፊት ምረጡት። ባለቤቱ የሚታወቅ ይሁን። ፕሮቶን ቪፒኤንን የመሳሰሉ ያለ ክፍያ የሚሠራ አማራጭ ያላቸው አሉ።

👉 የተሰበረ ሶፍትዌር ከመፈለግ በፊት ነፃውን ሞክሩ። ለጽሑፍ ሊብሬ ኦፊስ፣ ለፎቶ ጂምፕ፣ ለቪዲዮ ዳቪንቺ ሪዞልቭ አለ። ሁሉም ከሠሪው ድረ ገጽ በነፃ ይወርዳል።

አንድ ነገር ጭናችሁ ከተጠራጠራችሁ ደግሞ ቅደም ተከተሉ ይህ ነው። ዳታና ዋይፋይ ዝጉ። በሌላ ስልክ ባንካችሁ ጋ ደውሉ፤ ንግድ ባንክ 951 ነው፣ ኢትዮ ቴሌኮም 994። አካውንቱ ይታገድ በሉ። ከዚያ አክሰሲቢሊቲ ውስጥ ገብታችሁ ያንን አፕ አጥፉ፣ አፑንም ከስልኩ አስወግዱ። አልጠፋ ካለ ፎቷችሁን አውጥታችሁ ስልኩን ወደ ፋብሪካ ይዞታው መልሱት። የይለፍ ቃሎቻችሁን በሌላ ንጹሕ ስልክ ላይ ቀይሩ። ቴሌግራም ላይ "ዲቫይስ"፣ ዋትሳፕ ላይ "የተገናኙ ዲቫይሶች" የሚለውን ከፍታችሁ የማታውቁትን አስወጡ።

መጨረሻ ላይ አንድ ነገር። ቤት ውስጥ የእናትና የአባትን ስልክ የሚያስተካክለው ወጣቱ ነው። "ልጄ፣ ይህችን ነገር አስገቢልኝ" ሲሉ ከየት እንደምታስገቡት አይጠይቁም፣ ሊጠይቁም አይችሉም። ዓረብ አገር ያለችው እህት የላከችው ገንዘብ የሚገባው በዚያ ስልክ ነው። ዛሬ ማታ ተቀበሏቸውና ያንን ሴቲንግ ክፈቱ፣ ክፍት የሆነውን ዝጉ፣ የማይታወቀውን አፕ አውጡ። አምስት ደቂቃ አይፈጅም።